ጣቢያ የታሰሩት ብስክሌቶች

ቦንጋ፣ ጥቅምት 8 ቀን 2017 ዓ.ም.

የማከብርዎ ጋሽ ኃይለመስቀል፣

ጉልበትዎ እንዴት ሰነበተ? የደካ ብርድ ከጉልበትዎ ጋር ጠብ እንዳለው ስለማውቅ ከሁሉ አስቀድሜ እሱን ጠየቅሁ። እኛ አልሐምዱሊላህ ደህና ነን። አባዬ ሱቁን ይከፍታል፣ ሱቁን ይዘጋል፣ በመሃል እኔን ይቆጣል። ደብዳቤዎን ሾፌሩ ሱሀይብ ከሚኒባሱ ወርዶ በእጄ ሰጠኝ። ስልክ እንደማይሰማዎት እያወቅሁ ደጋግሜ መደወሌን ይቅር ይበሉኝ፣ ንዴት ነው።

«ፖሊስ ላይ በሕግ አምላክ ብለሽ ጮኸሻል የሚሉት እውነት ነው ወይ?» ላሉኝ፣ እውነት ነው፣ ጮኼያለሁ። ድሮ እርስዎ ዳኛ ሳሉ «በሕግ አምላክ» የተባለ ሰው ሲሮጥ እንኳ ቢሆን እግሩን ያቆም ነበር ሲሉኝ እየሰማሁ ነው ያደግሁት። የኛው ፖሊስ ግን ሳቀ። ሳቀና የክለባችንን ልጅ የቤዚን ብስክሌት እንደ ማገዶ ፒክአፑ ላይ ወረወረው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ባርታ የሴቶች ብስክሌት ክለብ ሕጋዊ ነው። ምዝገባችን ከነማኅተሙ ሱቃችን ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል፣ ሊቀመንበሯም እኔ ነኝ። እሑድ ጠዋት እንደ ወትሯችን ወደ ሺሺንዳ ልንነዳ ስንዘጋጅ የጣቢያው አዛዥ ኢንስፔክተር ገሠሠ ራሱ መጣና «ያለ ፈቃድ ሰልፍ ነው» ብሎ ብስክሌቶቹን በሙሉ አስጫነ። ሰልፍ! ቤዚ ቁልቁለት ላይ «ፍሬን! ፍሬን!» እያለች ከምትጮኸው በቀር መፈክር ያሰማ የለም እኮ ጋሼ። ከዚያ ወዲህ ደግሞ ለስብሰባ በተቀመጥን ቁጥር አንድ ፖሊስ በር ላይ ቆሞ የገባችውን ሁሉ «ስምሽ ማን ነው? የማን ልጅ ነሽ?» ይላል። ወላጆች ፈርተው ልጆቻቸውን ማስቀረት ጀምረዋል። ብስክሌቶቹ በዚህ ዝናብ ጣቢያ ግቢ ውስጥ ከከረሙ ክለቡ አለቀለት ማለት ነው።

አባዬ «ንጉሥ አይከሰስ፣ ሰማይ አይታረስ» ይለኛል። እኔ ግን እከሳለሁ። ከየት እንደምጀምር ብቻ ይንገሩኝ። የጻፍሁትንም ረቂቅ አብሬ ልኬያለሁ።

ልጅዎ ለምያ ነጂብ


ደካ፣ ጥቅምት 14 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለለምያ፣

እግዚአብሔር ይመስገን አለሁ። ጉልበቴም ስለጠየቅሽው ያመሰግናል። ነጂብን ሰላም በይልኝ። ጎረቤቴ በነበረ ጊዜ ከኔ ጋር የተከራከረውን ያህል ከሹሞች ጋር ተከራክሮ ቢሆን ኖሮ ዛሬ ልጁን ለክርክር ባልላከ ነበር በይው።

መጀመሪያ መጮኽ አቁሚ። የጮኸ ሰው ተመልካች ያበዛል እንጂ ማስረጃ አያበዛም። የምዝገባውን ኮፒ አያይዘሽ፣ ብስክሌቶቹ እንዲመለሱና ፖሊስ በክለቡ ሕጋዊ ሥራ ጣልቃ እንዳይገባ ይታዘዝልኝ ብለሽ አቤቱታሽን ለፍርድ ቤት አስገቢ። ረቂቅሽን አይቼዋለሁ፣ ደህና ነው። «ዓይኑን በጨው አጥቦ» የሚለውን ግን አውጪው። እውነት ሊሆን ይችላል፣ አቤቱታ ላይ ግን አይጻፍም።

ከረቂቅሽ ጋር በላክሽው ቁራጭ ወረቀት «ለአሮጌ ብስክሌት ይህን ያህል ምን አንገበገበሽ ይሉኛል» ላልሽው፣ በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ትቆጨኛለች ሲባል አልሰሙም ወይ በያቸው። ጭብጦ ያስቆጨ ብስክሌት አያስቆጭም?

እዚያው ላይ «ትዕዛዙ ወጥቶ ሰውየው እንቢ ቢልስ?» ብለሽኛል። ያን ጊዜ ጠቡ ካንቺ ጋር መሆኑ ይቀራል። የተደፈረው ችሎቱ ነው። እኔ በዳኝነቴ ዘመን ሌባም ነፍሰ ገዳይም ፊቴ ቆሟል። እንቅልፍ የነሣኝ ግን ትዕዛዜን አጣጥፎ ኪሱ የከተተ ሹም ነው። ስለዚህ ትዕዛዙ ሲደርሰው ያስፈርሙት። ያለ ፊርማ «አልደረሰኝም» ይልሻል፣ እኔም ስንቱን ሰምቻለሁ። ደግሞስ ይህ ሰው ምን በድላችሁት ነው እንዲህ የሚያሳድዳችሁ?

የአባትሽ ወዳጅ ኃይለመስቀል


ቦንጋ፣ ኅዳር 3 ቀን 2017 ዓ.ም.

የማከብርዎ ጋሽ ኃይለመስቀል፣

እንኳን ደስ አለን! ዳኛ ወሰንየለሽ ብስክሌቶቻችን እንዲመለሱ፣ ፖሊስም ከክለቡ እጁን እንዲያነሣ አዘዙልን። አባዬ ትዕዛዙን ዳር እስከ ዳር አነበበና «ታዲያ ይሄ ወረቀት ይነዳል?» አለኝ። ጠላቴን ጥልት ያድርገው፣ የአባዬን ያህል ደስታ የሚያበርድ ሰው አላየሁም።

«ትዕዛዙ ሲደርሰው ያስፈርሙት» ላሉኝ፣ ፈርሟል። የፍርድ ቤቱ መጥሪያ አድራሽ እያየው አነበበ፣ ፈረመ፣ ልክ እርስዎ እንዳሉት አጣጥፎ ኪሱ ከተተው። «ከበላይ አካል መመሪያ እስኪመጣ እንጠብቃለን» አለ። ከፍርድ ቤት በላይ ያለው አካል ማን እንደሆነ ጠየቅሁት። በቀስታ ነው የጠየቅሁት፣ ወላሂ አልጮኽሁም። «ነጋዴ ነሽ፣ ምላስሽም የነጋዴ ነው» አለኝ። ሌላም አለኝ፣ እሱን ለእርስዎ አልጽፈውም።

በሚቀጥለው እሑድ ብስክሌት ባይኖር እግር አለ ብለን ሄልሜታችንን አድርገን በአስፋልቱ ዳር በእግራችን ሄድን። ይሄም ሰልፍ ተባለና ቤዚን ይዘው ጣቢያ አዋሏት። ስትለቀቅ ምን አለች መሰለዎት? «ብስክሌቴን አየኋት፣ መቀመጫዋ ላይ ዶሮ ተኝታበታለች።» ሳቅን፣ ከዚያ አለቀስን፣ ከዚያ ደግሞ ተናደድን። ከስብሰባው የቀሩት ግን በርክተዋል። አንድ ስብሰባ ቀርታ የማታውቀውን ፀጋን እንኳ እናቷ ከልክላታለች።

«ይህ ሰው ምን በድላችሁት ነው እንዲህ የሚያሳድዳችሁ?» ብለውኛል። እንጃ ጋሼ፣ የሰው ልብ ማን ያውቃል።

ትዕዛዝ ባለማክበሩ ይጠየቅልኝ ብዬ አቤቱታ አስገብቻለሁ። ቀጠሮው ኅዳር 25 ነው። ብስክሌቶቹ ያን ቀን ከጣቢያው ካልወጡ መቼም አይወጡም፣ ስለዚህ ይወጣሉ።

ልጅዎ ለምያ


ደካ፣ ኅዳር 10 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለለምያ፣

እንዴት ሰነበትሽ? እናትሽስ? እህቶችሽስ? ሱቁስ? እዚህ ሁሉም ደህና ነው። ቡና ለቀማው ተጀምሯል፣ ዝናቡ ግን አልለቀቀንም፣ ሰዉ ፍሬውን ማስጣት ቸግሮታል። የዘንድሮው ፍሬ ካምናው ይሻላል ይላሉ።

ስለ ቀጠሮው የጻፍሽውን አንብቤያለሁ። መልካም ነው። ሰው ግን ችሎት ፊት ከመቆሙ በፊት ዙሪያ ገባውን ቢያይ ክፉ አይደለም። ሹምም ቢሆን የሰው ልጅ ነው፣ ቤተሰብ አለው። እልህ ምላጭ ያስውጣል ይባላል። አስቢበት።

ብርዱን ተጠንቀቂ።

ኃይለመስቀል


ቦንጋ፣ ኅዳር 14 ቀን 2017 ዓ.ም.

ጋሼ፣

ደብዳቤው የእጅ ጽሕፈቱ የእርስዎ ነው፣ ቃሉ ግን የእርስዎ አይደለም። ከመቼ ወዲህ ነው ስለ ቡና ለቀማ የሚጽፉልኝ? «አስቢበት» ይሉኛል እንዴ? እርስዎ እኮ «አድርጊ» ወይም «ተይ» ነው የሚሉት።

ሱሀይብን ሱቃችን በር ላይ ይዤ አፋጠጥሁት። ፈራ ተባ እያለ ቆየና «ኢንስፔክተሩን ሲቪል ለብሶ፣ የኋላ ወንበር ላይ አስቀምጬ ደካ አድርሼዋለሁ። እግሩ ሥር የማር ቅል ነበር» አለኝ።

ማሩ እንዴት ነው ጋሼ? ነጭ ነው ወይስ ቀይ?

ይቅርታ ያድርጉልኝ። እርስዎን እንዲህ ማለት ነውር መሆኑን አውቃለሁ። አባዬ ቢያነበው በጥፊ ነው የሚለኝ። ግን አንጀቴ ቆስሏል። በዚህ ከተማ ሰው ሁሉ «ተይው፣ ይቅርብሽ» ሲለኝ እኔ እርስዎን ነበር የያዝሁት። ቀጠሮዬን አልተውም። ብቻዬን እንኳ ብቀር እቆማለሁ።

ለምያ


ደካ፣ ኅዳር 19 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለምያ፣

ማሩን በመጣበት መኪና መልሻለሁ። ሱሀይብ ሲመጣ ያየውን ነግሮሽ ሲመለስ ያየውን ከዋጠው እሱን ጠይቂ። ለዚህች ቃልሽ ተቀይሜሻለሁ፣ ተቀይሜም ገና አልጨረስሁም።

አዎ፣ መጥቷል። ያልነገርሁሽ እንዲህ እንደምትሆኚ ስለማውቅ ነው። ሟቹ አባቱ አበልጄ ነበር፣ ገሠሠን ክርስትና ያነሣሁት እኔ ነኝ። የክርስትና ልጄ ደጄ ድረስ መጥቶ በር ልዝጋበት?

አንቺም ያልነገርሽኝ አለ። ኤሊ የምትባል ልጅ አለችው። ከናንተ ጋር ስትነዳ ወድቃ ክንዷ ተሰብሯል፣ ብስክሌቶቹን የሰበሰበውም በሚቀጥለው እሑድ ነው። እኔ ሰውየውን ምን በድላችሁት ነው ብዬ በግልጽ ጠየቅሁሽ። አንቺ «የሰው ልብ ማን ያውቃል» አልሽኝ! ያ ትልቅ ሰው እዚህ መደቤ ላይ ተቀምጦ፣ በደነቆረው ጆሮዬ ሥር «ልጄ ሞታ ቢሆንስ!» እያለ አለቀሰ። ጥፋቱን አላስተባበልሁለትም። ግን አባት ነው።

ሽማግሌ ላክልኝ ብሎኝ እሺ ብያለሁ። እኔ በዚህ ጉልበት ቦንጋ አልደርስም። ጋሽ ሰላሐዲንና ቄስ ውባየሁ በኔ ስም በቀጠሮው ዋዜማ ቤታችሁ ይመጣሉ። ሽማግሌ አይመለስም። ይህን እኔ ለነጂብ ልጅ አላስተምርም።

ኃይለመስቀል


ቦንጋ፣ ኅዳር 26 ቀን 2017 ዓ.ም.

የማከብርዎ ጋሽ ኃይለመስቀል፣

ስለ ማሩ እግርዎ ላይ ወድቄያለሁ። ሱሀይብ መመለሱንም ያውቅ ነበር። «ያልጠየቅሽኝን ምን ብዬ ልንገርሽ» አለኝ፣ ይኸው ነው እሱ።

ስለ ኤሊም ልንገርዎ። ዐሥራ ስምንት ዓመት ሞልቷታል፣ በራሷ እግር መጥታ ነው የተመዘገበችው፣ አባቷን አላስፈቀደችም። ቁልቁለቱ ላይ ጭቃ አንሸራተታት። ተሸክሜ ሆስፒታል ያደረስኋት እኔ ነኝ። አባቷ ከበር እስኪመልሰኝ ድረስም እየተመላለስሁ ስጠይቃት ነበር። «ሁሉም የመጣው በኔ መሆኑ ከተሰማ ልጆቹ ይጠሉኛል» ብላ ስላስማለችኝ ነው ለእርስዎም የደበቅሁት። ጋሼ፣ ሰውየው ልጄን ብሎ ቢቆጣኝ፣ ልጁንም ቢያስቀራት፣ ቃል አይወጣኝም ነበር። እሱ ግን የቤቱን ንዴት በመንግሥት መኪና ጭኖ መጣብን።

ሽማግሌዎቹ መጡ። አባዬ ብድግ ብሎ ተቀበላቸው። ጋሽ ሰላሐዲን ዱዓ አደረጉ፣ ቄስ ውባየሁ ብዙ መከሩን። የሰደበኝን ይቅር አልሁ። ቤዚም ነበረች፣ ጣቢያ ያዋላትን ይቅር አለች። እንባዬ መጥቶ ነበር፣ ከልቤ ነው ያልሁት። ከዚያ በኋላ «የነገው ቀጠሮ ግን የኔ አይደለም። ትዕዛዙን የሰጠው ፍርድ ቤቱ ነው፣ የተደፈረውም እሱ ነው። ይቅርታውን እዚያ ቀርቦ ይጠይቅ። እኔም ይቅር ማለቴን ለዳኛዋ እናገራለሁ» አልኋቸው። ጋሽ ሰላሐዲን ጎንበስ ብለው ጫማቸውን እየፈለጉ «እሺ እሺ፣ አላህ ይባርክሽ» አሉኝ። እኛ አገር ሽማግሌ ከገባ ክስ ቀረ ማለት ነው፣ ሌላ አያውቁም። ለኢንስፔክተሩም «አልቋል፣ አርፈህ ተኛ» ብለውት ሄዱ።

እሱም አርፎ ተኛ። በማግሥቱ ችሎት ላይ ስሙ ቢጠራ ቢጠራ የለም። እኔ ቆሜ ይቅር ማለቴን ተናገርሁ። ዳኛ ወሰንየለሽ መነጽራቸውን አወለቁና «እኔን ግን እስካሁን ይቅርታ የጠየቀኝ የለም» አሉ። ተይዞ ይቅረብ ብለው አዘዙ። ትዕዛዙ የተጻፈው ለማን ይመስልዎታል? ለዚያው ለእሱ ጣቢያ! ምክትሉ ሳጅን አብነት ወረቀቱን ይዞ አለቃው ቢሮ በር ላይ ቆሞ ላብ አጥምቆት ነበር ይላሉ። በቅሎ ገመዷን በጠሰች ቢሉት በራሷ አሳጠረች ነው ነገሩ።

ነገ ያቀርቡታል። እኔም እገኛለሁ።

ልጅዎ ለምያ


ደካ፣ ኅዳር 29 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለምያ፣

በስሜ የላክኋቸው ሰዎች አፈሩ። ሰላሐዲን ገበያ መውጣት ትቷል ብለውኛል። ያልሽውን ሁሉ በትክክል ብለሽው ይሆናል። እኔ አሁን መስማት አልፈልግም፣ ለአንዴ እንኳ መደንቆሬ ይጥቀመኝ።

አትጻፊልኝ።


ቦንጋ፣ ታኅሣሥ 4 ቀን 2017 ዓ.ም.

የማከብርዎ ጋሽ ኃይለመስቀል፣

አትጻፊልኝ ብለውኛል፣ እጽፋለሁ። ካልፈለጉ አያንብቡት፣ ሱሀይብ ግን ከደጅዎ ያደርሰዋል።

ሰውየው ቀረበ። ቆቡን በእጁ ይዞ፣ ሳጅን አብነት ከጎኑ ሆኖ። ማን ማንን እንዳመጣ ግራ ያጋባ ነበር። ለምን እንደቀረ ሲጠየቅ «ሽማግሌ ጨርሶታል ብዬ ነው» አለ። «ትዕዛዙን የሰጠህ ሽማግሌው ነው?» አሉት። አንገቱን ሰብሮ ይቅርታ ጠየቀ። ልጁ ወድቃ እንደነበርም ተናገረ። አላሳዘነኝም ብል ውሸት ነው። ዳኛዋ እስኪጨርስ ሰሙትና አንድ ወር እስራት ፈርደው በገደብ አቆዩለት። ዳግም ትዕዛዝ ቢጥስ ገደቡ ይነሣና ይገባል። ብስክሌቶቹ ደግሞ ያኑ ዕለት ይውጡ አሉ።

ወጡ ጋሼ! ግን ምን ይሁኑ? ጎማው ሁሉ ተንፍሷል፣ ሰንሰለቱን ዝገት በልቶታል፣ አንድም የሚነዳ የለም። ሳጅን አብነት «በመኪና ላድርስላችሁ» አለን። እንቢ አልን። በመኪና ስለሄዱ በመኪና ይመለሱ? ከጣቢያው በር አንሥተን፣ በገበያው መሃል፣ በአስፋልቱ ላይ በእጃችን እየገፋን ወሰድናቸው። ፀጋ ከእናቷ ሱቅ ውስጥ ሆና አየችን። እናቷን አየች፣ እናቷም እኛን አየች። «ሂጂ እንግዲህ፣ ምን ታፈጭብኛለሽ!» ስትላት ሰምቻለሁ። አባዬ ሱቁን በጠራራ ፀሐይ ዘግቶ ወጣና የኔን ብስክሌት ከእጄ ተቀብሎ ገፋ። ያን ጊዜ ነው ያለቀስሁት።

ጋሽ ሰላሐዲንም ጋ ሄጃለሁ። ጉልበታቸውን ስሜ የተናገርሁትን ከነቃሉ ደገምሁላቸው። «ለካ አንቺ ፍሬ ነገሩን ስትናገሪ እኔ ጫማዬን ነበር የማዳምጠው» ብለው እስኪያስላቸው ሳቁ። ገበያም ወጥተዋል።

የቀሩኝ እርስዎ ብቻ ነዎት። አንድ ጥያቄ ልጠይቅዎት፣ ቢመልሱም ባይመልሱም። ችሎቱ የእርስዎ ቢሆን ኖሮ ምን ይፈርዱበት ነበር?

ልጅዎ ለምያ


ደካ፣ ታኅሣሥ 10 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለምያ፣

ሱሀይብ ደብዳቤውን ደጃፌ ላይ ጥሎት ሄደ፣ ዝናብ እንዳያበሰብሰው አነሣሁት፣ ካነሣሁት ወዲያ አነበብሁት።

ችሎቱ የኔ ቢሆን ላልሽው፣ ሁለት ወር፣ ያለ ገደብ። የክርስትና ልጄ ስለሆነ ሦስት። ይህን ለማንም እንዳትተነፍሽ።

ይህ ዳኛው ነው የተናገረው። ሽማግሌው ግን አኩርፏል። ሰላሐዲን ስለሳቀ እኔ የምስቅ እንዳይመስልሽ፣ እሱ ድሮም ጥርሱ አይከደንለትም። ደግሞ የማሩ ነገር አለ፣ እሱ ገና አልወጣልኝም። በወረቀት ይቅርታ አልቀበልም። ወጉን ታውቂዋለሽ፣ ሽማግሌ ላኪ።

ኃይለመስቀል


ቦንጋ፣ ታኅሣሥ 15 ቀን 2017 ዓ.ም.

የማከብርዎ ጋሽ ኃይለመስቀል፣

ሽማግሌዎቼን ሰብስቤያለሁ። ቤዚ አለች፣ ፀጋ አለች፣ የቀሩት ልጆች ሁሉ ተመልሰዋል፣ አዲስ የተመዘገቡም አሉ። ጎማ ቀይረናል፣ ሰንሰለቱን ዘይት ቀብተናል። ቅዳሜ ጠዋት ከቦንጋ ተነሥተን በብስክሌት ደካ እንመጣለን። መንገዱ ጠጠር ነው፣ ዳገቱም መከራ ነው ይሉናል። ይሁን፣ የማንነዳውን እንገፋለን፣ መግፋቱን ተክነነዋል። ለጣቢያው አላስፈቀድሁም፣ ሕጉ አያስገድደኝም። የሚቀጥለው እሑድ ሺሺንዳ ነን፣ ከዚያ ወዲያ ዋጫ።

ኤሊ ክንዷ ገና ስላልጠና ሱሀይብ መኪና ላይ ሆና ውሃ ታቀብለናለች። አባቷ «ልጄን ለናንተ አላምንም» ብሎ አጠገቧ ሊቀመጥ ነው። ይምጣ፣ መንገዱ የሁሉም ነው። ማርም ይዣለሁ ብሏል፣ እሱን እንግዲህ እንደ ክርስትና ልጅ ይቀበሉት ወይም እንደ ዳኛ ይመልሱት፣ እኔ የለሁበትም።

እኛ ግን ከደጅዎ ቆመን ይቅር እስኪሉኝ አንንቀሳቀስም። ከታረቅን በኋላ አንድ ነገር አደራ። ስለ ሦስቱ ወር በጆሮዬ እንኳ ሹክ እንዳይሉኝ። ኢንስፔክተሩ አጠገብዎ ነው የሚቀመጠው፣ የእርስዎ ሹክሹክታ ደግሞ ቦንጋ ድረስ ይሰማል።

ልጅዎ ለምያ